ክላሽ ስንት ነው? ስለ አጎቴ ጠመንጃ የተከፈተው ክር፣ ከመልስ 1 እስከ 43

ይህን የውይይት ክር መድረካችን ላይ የከፈትኩት እኔ ነኝ። መልሱ 43 ደርሶ አዲስ የሚመጣው ሁሉ ከላይ ያለውን ሳያነብ ያንኑ ጥያቄ ስለሚደጋግም፣ አወያያችን ማን ምን እንዳለ በራሴ አነጋገር እንድጽፍ ጠየቀኝ። የማንንም ቃል አልገለብጥም። ዓ.ም. ካላልኩ በቀር ዓመቱ ሁሉ እ.ኤ.አ. ነው። ስድብ ስድቡንም ትቼዋለሁ፣ ለእኔ ከተላከው ከአንዱ በቀር፤ እሱ የግሌ ስለሆነ መብቴ ነው።

መክፈቻው

ደብረ ብርሃን ላይ ብረታ ብረት እሠራለሁ፤ በር፣ መስኮት፣ የደረጃ መደገፊያ፣ የጋሪ ጥገና። ከጦር መሣሪያ ጋር ጉዳይ የለኝም። ለአያቴ ተዝካር መንዝ ሄጄ ሳለ አጎቴ ፈቃድ ያለውን ክላሹን አምጥቶ የማንገቻው ቀለበት እንደለቀቀ አሳየኝ። ካዝናውን ነቅሎ፣ ውስጡን ሁለት ጊዜ አይቶ፣ አፈሙዙን ወደ ግድግዳ አዙሮ ነው የሰጠኝ። ቀለበቱን በፒንሳ እያጠፍኩ ዓይኔ ጎኑ ላይ አረፈ። ከካዝናው ማስገቢያ በላይ የትንሽ ጣት ጥፍር የምታህል ስርጉድ አለች። ብረቱ ከድፍን የተፈለፈለ አይደለም፣ የታጠፈ ላሜራ ነው፤ ፊትና ኋላው ሪቬት በሚባለው የብረት ችንካር ተመቷል። ካሊፐር፣ የውፍረት መለኪያዬ ማለት ነው፣ ከኪሴ አይጠፋም። አጎቴ ክዳኑን ሲያነሳልኝ የላሜራውን ጠርዝ ለካሁት፤ 1.5 ሚሊ። በግራ ጎኑ በሦስት ማዕዘን ውስጥ 66 የሚል ቁጥርና የማላነባቸው ፊደሎች ተመትተዋል። አጎቴ ግን ድሮም ዛሬም የሩሲያ ኤኬ 47 ነው የሚለው።

ይህን ሁሉ ጽፌ ሁለት ነገር ጠየቅሁ፤ ይሄ ጠመንጃ ምንድነው፣ እኛስ ክላሽ እያልን የምንጠራው ስንት ዓይነት ነው? እዚያ ላይ ባቆም ደህና ነበር። አፌ አላርፍ ብሎኝ፣ ይህ ጠመንጃ በነዚህ ሁሉ ዓመታት የተለወጠው ንድፉ ሳይሆን ላሜራው ነው የሚል አስተያየት ጨመርኩ። ጠቡን ያመጣችው ይህች ናት።

መልሶቹ

መልስ 1 ነፍስ ይማር ብሎ ጀመረና ፎቶ ጠየቀ። የመለያ ቁጥሩን በፕላስተር ሸፍኜ ሁለት ለጠፍኩ።

መልስ 2 «የጣርማበር ጉም» ከሚባለው አባል ነው፤ የመጀመሪያው ጥያቄዬ እዚያው አለቀ። ጠመንጃው ቻይና ሠራሽ መሆኑን፣ ስሙም ታይፕ 56 እንደሆነ ጻፈ። ቻይኖች ከሶቪየት ኅብረት ንድፉን ተቀብለው እ.ኤ.አ. በ1956 ማምረት ጀመሩ፤ 56 የሚለውም ከዚያው ዓመት የመጣ ነው። በሦስት ማዕዘን ውስጥ ያለው 66 የፋብሪካው ምልክት ነው። ሌላም ምልክት ነገረን። የፊት ማነጣጠሪያው ዙሪያ ክብ ሆኖ ከላይ የተዘጋ ነው፤ የሩሲያው ከላይ ክፍት ነው። የላይ ክዳኑ ልሙጥ ነው፤ የኋለኛው የሩሲያ ክዳን ግን ጎድን ጎድን ያለው ነው። ከአፈሙዙ ሥር ደግሞ የምትታጠፍ ሹል ሳንጃ መኖር አለባት አለ። ፎቶውን አስፍቼ ሳየው ሳንጃዋ የለችም፣ ማጠፊያዋ ግን አለች። ላሜራውንም ጨምሮ አስረዳ። ቻይኖች መጀመሪያ ከድፍን ብረት እየፈለፈሉ ይሠሩ ነበር፤ ወደ 1960ዎቹ አጋማሽ ወደ ላሜራ ሲዞሩ የሩሲያው 1 ሚሊ ሆኖ ሳለ የነሱን 1.5 አደረጉት። የካሊፐሬ ቁጥር ከሱ ቁጥር ጋር ሲገጥም ደስ አለኝ፣ አልደብቅም።

መልስ 3 የስም እርማት ነው። ሶቪየቶች ራሳቸው በመዝገብ የጻፉት ኤኬ ብቻ ነው፤ 47 የተባለው ሙከራው በተካሄደበት ዓመት ሲሆን ሠራዊቱ የተቀበለው እ.ኤ.አ. በ1949 ነው። መልስ 4 በዚህ ተነሥቶ በእኛ አቆጣጠር ኤኬ 39 ሊባል እንደሚገባ ቀለደ። 5 እና 6 የሚቀነሰው 7 ነው 8 ነው እያሉ ግማሽ ቀን ተከራከሩ። አልተረኩትም፤ መስከረም ላይ ይወሰናል።

መልስ 7 የጋሼ ነው። እኚህ ሰው የቀድሞ ሠራዊት አባል ናቸው፤ ስማቸውን አይጽፉም፣ እኛም ጋሼ ብቻ ነው የምንላቸው። ሥልጠና የወሰዱት በአሜሪካ ጠመንጃ ነበር፤ ቃኘው ሻለቃ ኮርያ ይዞት የዘመተው ኤም ዋን እሳቸው ሲቀጠሩም ገና በሠራዊቱ እጅ ነበር። ስምንት ጥይት በአንድ ቅንጥብ ከላይ ይጎርሳል፤ ስምንተኛዋ ስትተኮስ ቅንጥቡ ቅጭል ብሎ ይወጣል። ከዚያ የሶማሌ ጦርነት መጣና በ1970 ዓ.ም. የሶቪየት መሣሪያ ጎረፈ። እጅ በአንድ ሳምንት አዲስ ነገር ተማር ተባለ። ጋሼ ያስቸገራቸው የጥይቱ ብዛት ሳይሆን በቀኝ ጎን ያለችው ረጅም ምላስ ናት። ወደ ላይ ስትሆን ትዘጋለች። አንድ ወደ ታች ስትል ሩምታ፣ እስከ መጨረሻው ስትወርድ ነጠላ። የለመዱት ሰው መጀመሪያ ነጠላ፣ ቀጥሎ ሩምታ እንዲመጣ ነበርና ግራ ገባቸው። አሠልጣኛቸው ምክንያቱን ያስረዳቸው እንዲህ ነው፤ የደነገጠ ምልምል ምላሷን እስከ መጨረሻው ነው የሚደፍቃት፤ መጨረሻው ነጠላ ከሆነ ጥይቱን በአንድ ትንፋሽ አይጨርስም። ሌሊት ደግሞ ቀጭ የምትለው ድምፅ ሩቅ ስለምትሰማ፣ በአውራ ጣትና በሌባ ጣት ይዘው እንደ ሕፃን ጆሮ ቀስ አድርገው ያወርዷት እንደነበር ጽፈዋል። ይህን ካነበብኩ በኋላ አጎቴ ዘንድ ደውዬ ምላሷን እንዲሞክራት ጠየቅሁት። ቀጭ።

ከ8 እስከ 10 ምስጋና ነው። አንዱ ጋሼን ካራማራ ነበሩ ወይ ብሎ ጠየቃቸው፤ ዝም አሉ።

መልስ 11 ላይ አየሩ ተለወጠ። ጸሐፊው የክላሽ ንድፍ ሠሪ የሚባለው ሩሲያዊ ካላሽኒኮቭ ምንም አልፈጠረም፣ ከጀርመኖቹ ጠመንጃ ከስቱርምገቬር 44 ሰርቆ ነው የሚል ነው። ማስረጃው የሁለቱ መልክ መመሳሰልና የጀርመኑ መሣሪያ ሠሪ ሁጎ ሽማይሰር ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ክላሽ ወደተመረተባት የሩሲያ ከተማ ኢዥቬስክ ተወስዶ እስከ 1952 መቆየቱ ነው።

መልስ 12 ይህን በጨዋ ቋንቋ፣ ግን ያለ ርኅራኄ አፈረሰው። መልክ ሌላ፣ ሆድ ሌላ። የጀርመኑ መዝጊያ ሲዘጋ ወደ ታች ያዘነብላል፤ የካላሽኒኮቭ መዝጊያ ግን እንደ በር መቀርቀሪያ ዞሮ ይቆለፋል፤ ይህ ዙረት ከጀርመኑ ይልቅ ጋሼ ለያዙት ኤም ዋን ይቀርባል። ሽማይሰር ኢዥቬስክ በነበረ ጊዜ ደግሞ የካላሽኒኮቭ የሙከራ ጠመንጃ ኮቭሮቭ በሚባል ሌላ ከተማ ነው የተሠራው። ከጀርመን የመጣው ሐሳቡ እንደሆነ ተቀበለ። እግረኛ በአብዛኛው የሚታኮሰው ከ300 እና ከ400 ሜትር ወዲህ ከሆነ፣ ኪሎ ሜትር የሚሄድ ከባድ ጥይት መሸከም ለምን? አጠር ያለ ጥይት ይበቃል። ሶቪየቶች በ1943 የራሳቸውን አጭር ጥይት ሠሩ፣ ጠመንጃው በጥይቱ ልክ ተሰፋ። እኔም ከዚህ የገባኝ፣ ሰው የሚያወራው ስለ ጠመንጃው ቢሆንም ቀድሞ የተወለደው ጥይቱ መሆኑ ነው።

መልስ 13 ቁጥር 11 ተመልሶ 12ን የኢንተርኔት ጄኔራል ብሎ የጠራበት ነው። አወያዩ አስጠነቀቀው።

መልስ 14 ግን ለ11 ሳያስበው ደገፍ የሆነ፣ እኔን ደግሞ ወንበሬ ላይ ያሳቀኝ ወግ አመጣ። እ.ኤ.አ. በ2017 ሞስኮ ላይ ለካላሽኒኮቭ ሐውልት ቆመ። ከጀርባው ባለው የብረት ሥራ ላይ የጠመንጃዎቹ ንድፍ ተቀርጿል። በምረቃው ሰሞን አንድ አዋቂ ቀረብ ብሎ ሲያይ፣ ከንድፎቹ አንዱ የካላሽኒኮቭ ሳይሆን የዚያው የጀርመኑ 44 ሆኖ ተገኘ! ሠራተኛ መጥቶ ያቺን ቁራጭ ቆርጦ አወጣት። የሰው ሐውልት ላይ ግራይንደር ይዞ የወጣውን ባለሙያ እያሰብኩ ነው የሳቅሁት። እኔም አንድ ጊዜ የቤተ ክርስቲያን አጥር ላይ መስቀሉን አጣምሜ በይጄ፣ ምእመናን እያዩኝ ቆርጬ አውርጃለሁ። ላብ ነው የሚያጠምቀው።

መልስ 15 ለእኔ የመጣው ነው። በር ቆራጭ ሰው በማያውቀው ገብቶ ላሜራ ላሜራ ከሚል ወደ በሩ ይመለስ አለ። ስድቡን ትቼ ፍሬው ይህ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1974 የመጣው ኤኬ 74 ጥይቱን ራሱን ከ7.62 ወደ 5.45 ቀይሮታል፣ ይህን ላሜራ ማለት ድንቁርና ነው።

መልስ 16 የእኔ ነው። በጥይቱ ነገር ልክ እንደሆነ አምኜ፣ በላሜራው ግን አልለቀቅሁም። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ሙያዬ ነው።

በ1949 የወጣው የመጀመሪያው ኤኬ ሆዱ፣ መዝጊያው የሚመላለስበት ሣጥን ማለት ነው፣ የታተመ ላሜራ ነበር። ሐሳቡ ትክክል ነው፤ ላሜራ ፕሬስ ላይ ማተም ፈጣን፣ ርካሽ፣ ቀላል ነው። ያቃታቸው ሥራው ነው። ላሜራ ስታጥፈው እንደታጠፈ አይቀርም፣ ትንሽ ወደ ኋላ ይመለሳል። 90 ዲግሪ ፈልገህ 92 ይሆናል። የእኔ በር ላይ 2 ዲግሪ ማለት በመዶሻ የሚገባ ነገር ነው። ሐዲዱ ላይ ቁራጭ ብረት በሰከንድ አሥር ጊዜ የሚመላለስበት ሆድ ውስጥ 2 ዲግሪ ማለት የሚነክስ ጠመንጃ ነው። በዚያ ላይ በእሳት ሲጠነክር ይጣመማል። ብዙው እየተበላሸ ሲጣል፣ ወደ ድሮው ተመለሱ፤ ድፍን ብረት ሚሊንግ ማሽን ላይ አስረው እየፈለፈሉ ማውጣት። ያ ጠመንጃ ሲያዩት ያምራል። ግን ከገባው ብረት የሚበዛው ፍቅፋቂ ሆኖ ወለል ላይ ነው የሚቀረው። ወደ አሥር ዓመት እንዲያ ሠሩ። በ1959 የተሻሻለው ኤኬ፣ ኤኬኤም፣ ሲመጣ ፕሬሱን ችለውት ነበር፤ 1 ሚሊ ላሜራ፣ አፈሙዙ የሚሰካበት ፊቱ ወፍራም ብረት በሪቬት፣ ኋላው በሪቬት። ከመጀመሪያዎቹ በ1 ኪሎ ገደማ ቀለለ። ስስ ላሜራ እንዳይንገዳገድ ክዳኑ ጎድን ተመታለት፤ እኛ የጋራዥ በር ላይ ጎድን እንደምንመታው ማለት ነው። በአጎቴ ጠመንጃ ላይ ያየኋት ስርጉድም ሥራ አላት፣ ካዝናው እንዳይወዛወዝ ከሁለት ጎን ትይዘዋለች። ከድፍን በተፈለፈለው ላይ በሷ ቦታ ረጅም አራት ማዕዘን ጎድጓዳ ነው ያለው። ስለዚህ ከሩቅ መለየት ለሚፈልግ፣ ጥፍር የምታህል ስርጉድ ላሜራ ናት፣ ረጅሙ ጎድጓዳ ድፍን ነው።

በዓለም ላይ ይህን ያህል የበዛው በንድፉ ብቻ ቢሆን በ1949 ይበዛ ነበር። የበዛው ማተሚያው ሲሳካ ነው። እስከዛሬ ይህን ያፈረሰብኝ የለም።

መልስ 17 የጣርማበር ጉም ተመልሶ፣ እኔንም 15ንም በአንድ ገመድ አሰረን። የጥይት ጫፍ ክብደት ብቻ እዩ አለ። የኤኬው 7.9 ግራም ሆኖ በሰከንድ 715 ሜትር ይወጣል። የ74ቱ 3.4 ግራም፣ 900 ሜትር። ቀላልና ፈጣን። ወታደሩ በዚያው ሸክም ብዙ ይይዛል፣ ትከሻው አይደበደብም።

መልስ 18 ክሩን ከመስመር አወጣው፤ እኔ ግን ከሁሉም የወደድኩት እሱን ነው። ጸሐፊዋ አንኮበር ያደገች እህታችን ናት። ስለ ጥይት ሲወራ የሴት አያቷ ኩል መያዣ ትዝ አላት። ቀለህ ነው፣ የነሐስ፣ አፉ በጨርቅ ተወትፎ እንጨት የተሰካበት፤ እሷ ልጅ ሆና የክላሽ ነው እየተባለች ነው ያደገችው። መልስ 19 እንድትለካው ለመናት። መልስ 20 ላይ ከተማሪ ማስመሪያ ጋር ፎቶ አንሥታ መጣች። ወደ 6 ሳንቲ ሜትር ይሆናል፤ መቀመጫው ላይ ወጣ ያለ ከንፈር አለው፣ አፉ ወደ ላይ ይጠብባል፣ ግን ትንሽ ጣት ይገባበታል። የክላሽ ቀለህ 39 ሚሊ ነው፤ በዚያ ላይ ከንፈር የለውም።

መልስ 21 የውጅግራ መሆኑን አበሰረ። የፈረንሳዩ ግራ ጠመንጃ፣ የ1874 ሥሪት፣ 11 ሚሊ፣ አንድ አጉርሶ አንድ ተኳሽ። ፉዚ ግራ ማለት በእኛ አፍ ውጅግራ ሆነ። በ1888 ዓ.ም. ዓድዋ ከዘመቱት ጠመንጃዎች አንዱ ነው። እርሳሱ 25 ግራም ይመዝናል፣ ፍጥነቱ 450 ሜትር ገደማ። ከ17 ጋር ደርድሩት፤ 25፣ 7.9፣ 3.4። አንድ የኩል ዕቃ የመቶ ዓመቱን መንገድ ቁልጭ አድርጋ አሳየችን። እህታችን ኩሉ ገና ውስጡ እንዳለ ጨመረች።

መልስ 22 ከዚሁ ተነሥቶ የአያቱን የአርበኝነት ወሬ ተረከ። አያቱ ውጅግራ ይዘው መንዝና ይፋት መካከል ሲዋጉ ያስቸገራቸው ክብደቱ ሳይሆን ጭሱ ነበር። በጥቁር ባሩድ አንድ ስትተኩስ ነጭ ደመና ከፊትህ ይቆማል፤ ጣሊያኑ ደመናውን አይቶ ይመታሃል። ጣሊያኑ የያዘው 6.5 ሚሊ፣ ጭስ አልባ ባሩድ ነው። ስለዚህ የአያቱ ዘዴ ተኩሶ መሮጥ፣ ከሌላ ቋጥኝ ጀርባ ማጉረስ ነበር። ጭስ አልባው ባሩድ በፈረንሳዩ ለበል ጠመንጃ በ1886 ጀመረ፤ የጥይቱ ማነስም የመጣው ከሱ ወዲህ ነው። ጸሐፊው በመጨረሻ በ1931 ዓ.ም. ዘረት ዋሻ ውስጥ በጣሊያን መርዝ ጋዝ ያለቁትን አንሥቶ፣ እዚያ ውጅግራም ሆነ ሌላ ጠመንጃ ምን ያደርግ ነበር ብሎ አቆመ። ለአንድ ቀን ማንም አልጻፈም።

መልስ 23 ምንሽር የሚለው ስም ከማንሊኸር የመጣ ነው አለ። 24 የእሱ ቤት ያለው ምንሽር ማውዘር ነው አለ። 25 ሁለቱም ልክ ናቸው፣ ባላገር መዝጊያው በእጅ የሚቆለፈውን ረጅም ጠመንጃ ሁሉ ምንሽር ይላል አለ፤ ልክ ዛሬ ሁሉን ክላሽ እንደምንለው። የሁለተኛው ጥያቄዬ መልስ ይህ ሳይሆን አይቀርም። 26 ሁሉንም አላዋቂ አለ። አለፍነው።

መልስ 27 የአንኮበሯን እህት አከበረ። በ1841 እ.ኤ.አ. ካፒቴን ሃሪስ የሚባል እንግሊዛዊ መልእክተኛ ለንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ካመጣው ስጦታ ውስጥ 300 ጠመንጃ እንደነበረ፣ በ1887 ደግሞ ፈረንሳዊው ገጣሚ አርቱር ራምቦ ወደ 2,000 ያረጀ ጠመንጃ በግመል ጭኖ አንኮበር ሲደርስ ምኒልክን እንዳጣቸውና እንጦጦ ድረስ ሄዶ ካሰበው ባነሰ ዋጋ እንደሸጠላቸው ጻፈ። መልስ 28 ገጣሚ ምን ቆርጦት ጠመንጃ ይነግዳል ብሎ ተገረመ። 29 ያ የግመል መንገድና የጣርማበር ዋሻ መንገድ አንድ ነው ወይ ብሎ ጠየቀና ወሬው ጣሊያን የቆፈረው ዋሻ ውስጥ ገብቶ ቀረ። ጉም ስሙን በዚያ መንገድ ላይ ሲነዳ ነው ያገኘው መሰለኝ፣ እሱም ተቀላቀለ።

መልስ 30 የአወያዩ ነው። ስለ ዛሬው የጻፉ ሁለት መልሶችን ማጥፋቱን፣ ክሩ ስለ ብረት እንጂ ስለ ወቅታዊ ጉዳይ እንዳልሆነ አስታወሰ። ምን እንደተጻፈ አላየሁም። ሁላችንም ቤተሰብ አለን፤ ተስማማን።

መልስ 31 ጋሼ ናቸው። ለ9 መልስ ሰጡ። ካራማራ ነበሩ። ስለዚያ እዚህ አይጽፉም። ሁለት መስመር ናት።

መልስ 32 የአሜሪካውን ኤም 16 አመጣ፤ ቬትናም ላይ እየነከሰ ወታደር ያስገደለ ፕላስቲክ ብሎ። 33 አረመው። ነገሩ ከጠመንጃው ይልቅ የሰው ጥፋት ነበር፤ የባሩዱ ዓይነት ተቀየረ፣ መወልወል አያስፈልገውም ተብሎ መወልወያ ሳይሰጥ ታደለ። አፈሙዙና የጥይቱ ማደሪያ ክሮም ሲቀባ፣ መወልወያም ሲመጣ አብዛኛው ችግር ተቃለለ። ሶቪየቶችም ትንሿን ጥይት የወሰዱት ከዚሁ ጠመንጃ ተምረው ነው፤ 15 የሚለው 5.45 እንዲህ ተወለደ። 34 የክላሽ አፈሙዝ ግን ከድሮም ክሮም እንደሆነ በኩራት ጨመረ፣ የሠራው እሱ ይመስል።

መልስ 35 የዲያቆን ነው። ካላሽኒኮቭ እ.ኤ.አ. በ2013 በ94 ዓመቱ ከመሞቱ በፊት ለሩሲያው ፓትርያርክ ደብዳቤ ጽፎ ነበር። ጠመንጃው ለፈጀው ሕይወት በእግዚአብሔር ፊት ተጠያቂ ልሆን እችላለሁ ወይ የሚል የነፍስ ጭንቀት ነው። ዲያቆኑ ይህን እንደ ንስሐ አየው። መልስ 36 ደግሞ በክሩ ሁሉ ከነበረው የሾለው ነው፤ ሰውዬው 60 ዓመት ሙሉ ኒሻን ተሸክሞ፣ ሊሞት ሲል የተጻፈ ደብዳቤ ለወንድሙ ምን እንደሚፈይድለት ጠየቀ። ወንድሙ ምን እንደሆነ አልተናገረም። ዲያቆኑ መከራከሪያ አላቀረበም፣ ነፍስ ይማር ብቻ አለ። ደግ አደረገ። መልስ 37 ሰውየው በሕይወት ሳለ የሣር ማጨጃ ብፈጥር ይሻለኝ ነበር ማለቱን አስታወሰ። ለጅሩ ገበሬ የስንዴ ማጨጃ ቢፈጥርለት ኖሮ አስቡት።

መልስ 38 የዛሬውን አመጣ። እ.ኤ.አ. በ2018 ሩሲያ ኤኬ 12ን ተቀበለች። ሆዱ ያው ነው፣ የሚዞረው መዝጊያ ያው፣ የጋዝ ዘንጉ ያው። አዲሱ ነገር ክዳኑ ነው። የድሮው ክዳን ተነሥቶ የሚገጠም ልቅ ነገር ስለሆነ የማነጣጠሪያ መነጽር ቢያስሩበት አይጸናም፤ በአዲሱ ግን ጠበቅ ተደርጎ ተሠርቶ ማሰሪያ ተበጀለት። ሁለት ሁለት የሚያስተኩስ ቦታም ጨምረውለት ነበር፣ እ.ኤ.አ. በ2023 መልሰው አወጡት። እኔ ከዚህ ውስጥ የያዝኩት አንድ ነው፤ ከ70 ዓመት በኋላ ትልቁ ችግር የላሜራ ክዳን ሆኖ ተገኘ። ለ15 ላይክ አድርጌ ላክሁለት።

መልስ 39 እሱ ራሱ ነው፣ 15። ይቅርታ አላለም። ግን አጥር ብየዳ ላይ 1 ሚሊ ላሜራ እየበሳ ሲያስቸግረው ምን ማድረግ እንዳለበት ጠየቀኝ። ለካ በያጅ ነው! አምፔሩን ዝቅ፣ ኤሌክትሮዱን ቀጭን አድርግ፣ ነጥብ ነጥብ እያልክ ሂድ አልኩት።

መልስ 40 የእኔ ነው። አጎቴ ዘንድ ደውዬ ጠመንጃው የቻይና መሆኑን ነገርኩት። ጥይቱ ይለያል ወይ አለኝ። አይለይም አልኩት። እንግዲያው ምን ለመናገር እንደደወልኩ ጠየቀኝ። ቀለበቱ ግን እንደያዘ ነው።

መልስ 41 አንድ የጠባሴ ነዋሪ ለግቢው በር ዋጋ ጠየቀ፤ 3 ሜትር፣ በ1 ሚሊ ላሜራ። 42 በክሩ ላይ ንግድ ክልክል ነው አለ። በ43 የደብረ ብርሃን ነፋስ የባሰ ነውና በ1.5 ይሁን ብዬ ስልኬን በግል ላክሁለት።